እትዬ ሐጀራ ያጸኑት ግድግዳ

መጀመሪያ ያየሁት ጆሮውን ነው። የጎረቤታችን የጋሽ ሂርጳ ልጅ ሃዊ የምትታረስበትን አልጋ ተሸክመን ወደ አዲሱ ክፍል ስንገባ፣ ግድግዳው ላይ በሰው ቁመት ልክ አንድ ጆሮ ታትሞ አየሁ። እጥፋቱም፣ ጫፉ ላይ ያለችው ጠባሳም አልቀረችም። አልጋውን በአንድ እጄ ይዤ በሌላው ነካሁት። ድንጋይ ነው። ጋሽ ሂርጳ "አልጋውን ያዝ እንጂ" አሉኝና የራሳቸውን ጆሮ በጋቢያቸው ሸፈኑ።

የዚያ ጆሮ ታሪክ የእትዬ ሐጀራ ታሪክ ነው። እኔ የምከራየው እሳቸው ግቢ ውስጥ ነው፤ አቃቂ፣ ከአሮጌው ሐዲድ ወረድ ብሎ። እትዬ ሐጀራ ዕድሜያቸውን ያሳለፉት ጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ውስጥ፣ በሽመና ማሽኖች መሃል ነው። እዚያ ሰው እንደምን አደርሽ ለማለትም ይጮኻል። ጡረታ ሲወጡ ማሽኖቹ እዚያው ቀሩ፤ ድምፁ ግን አብሯቸው ቤት ገባ። የገባሁ ሰሞን ከሰው የተጣሉ መስሎኝ ላገላግል ሮጬ ወጣሁ። ምስር እየለቀሙ ነበር። ገላን ያለችው እህታቸው ያለ ስልክም ትሰማቸዋለች ይላል ሰፈሩ።

አምና ማድቤታቸውን ያሠሩት፣ ሰዉ "እርጎ ብሎኬት" በሚለው አዲስ ነገር ነው። ነጭ ነው፤ ሲደረደር ይርገበገባል፤ ውሎ አድሮ ይጠነክራል። የእሳቸው ማድቤት በሁለት ወር ሚስማር የሚያጣምም ሆነ። ጋሽ ሂርጳ ይህን አይተው፣ ለሃዊ የሚሆነውን ክፍል በዚያው ብሎኬት ከእትዬ ሐጀራ ግቢ ጋር አዋስነው አሠሩ። ሃዊ የመጀመሪያ ልጇን የምትወልደው ሰኔ ላይ ነው፤ ክረምቱም የሚገባው ያኔ ነው። ግድግዳው ካልጠነከረ ደግሞ ጣሪያ አይሸከምም።

ጋሽ ሂርጳ ከብት ካለበት ቤት ነው ያደጉት። የሚረጋ ነገር እንዴት እንደሚያዝ ያውቃሉ፤ ይሸፈናል፣ አይነካም፣ አጠገቡም አይንጫጩም። ግድግዳውን በጆንያ ሸፈኑት። ልጆቹን ከነኳሳቸው አባረሩ። ቀጥለውም በእድር ስብሰባ ላይ ተነሥተው "ሐጀራ ይሄ ነገር እስኪረጋልኝ ድምጿን ትቀንስልኝ" አሉ። እድሩ ሳቀ፤ ስቆ ሲያበቃ ግን ወሰነ።

እትዬ ሐጀራ ሳይጮኹ ተነሥተው ወጡ። ያስደነገጠኝ እሱ ነው። ከዚያ ቀን ጀምሮ ውሃ መምጣቱን እንኳ የሚነግሩኝ በጣታቸው እየጠቆሙ ሆነ። ግቢያችን ውስጥ ወፎች እንዳሉ ያወቅሁት ያኔ ነው።

ግንቦት አለቀ። ግድግዳው አሁንም ጣት ያስገባል። አንዲት ዶሮ ተደግፋበት ቅርጿን ትታበት ሄደች። ግንበኛው ሮሪሳ የመወጣጫ እንጨቱን ሊወስድ መጥቶ ጆንያውን ገለጠ።

"ጋሼ፣ ማን ነው ሸፍኑት ያለዎት?"

"ሊረጋ ነዋ።"

"ወተት መሰለዎት እንዴ? ይሄን የሚያጠነክረው ንዝረት ነው። በየቀኑ፣ ሳይቋረጥ። የጎረቤትዎ ማድቤት በምን የጠነከረ ይመስልዎታል?"

ጋሽ ሂርጳ ማድቤቱን አዩ፤ ከዚያ ሰማዩን አዩ። ደመናው ተሰብስቧል።

"እሷንማ አልለምንም" አሉ። የእድሩን ጥሩምባ ነፊ ኩምሳን ጠርተው ግድግዳው ሥር አስነፉት። ኩምሳ ትንፋሹን ሳይመልስ ሰፈሩ ነጠላውን ዘቅዝቆ ደረሰ።

"ማን ነው የሞተው?"

"ማንም አልሞተም፤ ለግድግዳው ነው።"

አንዲት ሴትዮ ከወጣሁ አይቀር ብለው ትንሽ አልቅሰው ሄዱ። ግድግዳው ለአፍታ ተርገበገበና መልሶ ለሰለሰ። የሚፈልገው የአንድ ቀን ጥሩምባ አልነበረም፤ ማውራት የማይሰለቸው ሰው እንጂ።

በመጨረሻ ለእትዬ ሐጀራ ሽማግሌ ተላከ። ሰው ለእርቅ፣ ለጋብቻ ሽማግሌ ሲልክ አይቻለሁ፤ ጩኺልኝ ብሎ ሲልክ ግን በሕይወቴ የመጀመሪያዬ ነው።

"ሐጀራ፣ የመጣነው እንድታወሪ ልንለምንሽ ነው" አሉ ሽማግሌዎቹ።

"አልሰማሁም" አሉ እሳቸው በሹክሹክታ።

ሽማግሌዎቹ ደገሙት። አሁንም አልሰሙም። ሦስተኛው ላይ ሽማግሌዎቹ ራሳቸው እየጮኹ ነበር። ያኔ እትዬ ሐጀራ ቀስ ብለው "ዝም በይ የተባልኩት እድሩ ፊት ነው። አውሪ የምባለውም እድሩ ፊት ነው፤ በሂርጳ አፍ" አሉ።

በእሑዱ ስብሰባ ጋሽ ሂርጳ መሬት መሬቱን እያዩ ተነሡ።

"ሐጀራ፣ አውሪ።"

"ከኋላ ያሉት አልሰሙም።"

"ሐጀራ" አሉ ጋሽ ሂርጳ ቀና ብለው፣ "ልጄ ልትወልድብኝ ነው። እባክሽ አውሪልኝ።"

የዚያን ጊዜ ማንም አልሳቀም።

በማግስቱ እትዬ ሐጀራ በርጩማቸውን ይዘው ግድግዳው ሥር ተቀመጡና ጀመሩ። ያወሩት ስለ ጋሽ ሂርጳ ነው። በጎረምሳነታቸው በሬያቸው ሐዲድ ላይ ተኝቶ እምቢ ቢላቸው ባቡር ማስቆማቸውን፣ ለባቡሩ ነጂም "ዞረህ እለፍ" ማለታቸውን አወሩ። ከግድግዳው ወዲያ አንድ ድምፅ "በሬ አይደለም፣ ላም ነበረች" አለ።

"እዚያ ምን ትሠራለህ?"

"ጠንክሮ እንደሆነ እያዳመጥኩ ነው።"

ጋሽ ሂርጳ በየጠዋቱ ጆሯቸውን ለጥፈው ሲያዳምጡ ሰነበቱ። ግድግዳው ጆሯቸውን ይዞ ጸና። ቆርቆሮው በተመታ ማግስት ዝናቡ ወረደ፤ ግድግዳው ንቅንቅ አላለም። ሃዊም ሐኪም ቤት ሴት ልጅ ተገላገለች።

አልጋውን አስቀምጠን ጋሽ ሂርጳ ፍራሽ ሊያመጡ ሲወጡ፣ እትዬ ሐጀራ ሊያዩ ገቡ። ጆሮውን አሳየኋቸው።

"በኖራ ልድፈነው?"

"ተወው። አንዱ ጆሮው እንኳ የነገርኩትን ይዞ ይቅር።"

"ነገ ሕፃኗ ስትመጣስ ድምፅዎን ይቀንሳሉ?"

"ለእሷማ እቀንሳለሁ" አሉ በሩ ላይ ደርሰው፣ ሐዲዱ ማዶ በሚሰማ ድምፅ። "ለአያቷ ነው የማልቀንሰው።"

መዳፌን ጆሮው ላይ አሳረፍኩ። እትዬ ሐጀራ ስለ ላሟ ለራሳቸው እያወሩ በውጭ በኩል በግድግዳው ጥግ ሄዱ፤ ድምፃቸው እጄ ሥር እየነዘረ፣ እየራቀ፣ እስከ ማድቤታቸው ደረሰ።