አክስቴ «አይደርሰኝም» ያለች ቀን

አክስቴ የተቀደደ ልብስ ትጠቅማለች። አዲስ ልብስ የሚሰፉ በየመንገዱ ሞልተዋል፤ የእሷ ሙያ ግን የተቀደደውን እንዳልተቀደደ ማስመሰል ነው። የእሳት ፍንጣሪ የበሳው ሱፍ፣ ሚስማር የያዘው ካፖርት፣ ብል የቀመሰው ሹራብ ከየአቅጣጫው ወደ እሷ ይመጣል። ከልብሱ የውስጥ ጠርዝ ክር ትመዛለች፤ በዚያው ክር ቀዳዳውን አንድ ባንድ እየተሻገረች ትሸምነዋለች። ባለቤቱ ሊወስድ ሲመጣ ልብሱን አገላብጦ «የቱ ጋ ነበር?» ብሎ ከጠየቀ፣ ለእሷ ከዚያ የሚበልጥ ምስጋና የለም።

እኔንም ያሳደገችኝ በዚሁ መርፌ ነው። በክፍሌ አንደኛ መሆኔን ስናገር ድምፄን ዝቅ አላደርግም፤ ሆኖም ያጠናሁበት ጠረጴዛ ግማሹ የእሷ የሥራ ቦታ እንደነበረ፣ ለመስኮቱ የሚቀርበውን ግማሽ ደግሞ ለእኔ እንደለቀቀችልኝ አብሬ መናገር ይገባኛል።

መስኮቱ ለአክስቴ የሥራ መሣሪያ ብቻ አልነበረም። እሷ ሰፈሩ «አምፖሎቹ» እያለ ከሚቀልድባቸው ሰዎች ወገን ናት። ትምህርታቸው አጭር ነው፦ ያለው ብርሃን ብቻ ነው። ወተት ረግቶ እርጎ እንደሚሆን፣ ብርሃንም ሲረጋ ድንጋይ፣ ዛፍ፣ ሥጋ ይሆናል። ጨለማ የሚባል ነገር የለም፤ ገና ያልደረሰ ብርሃን እንጂ። ከዚህ የሚወለደው ግዴታም አንድ ነው፤ የሌላውን ሰው ብርሃን ጋርዶ አለመቆም። ስለዚህ ሲገናኙ ሰላምታቸው «ጋርጄሽ ይሆን?» ነው፤ መልሱም «ይደርሰኛል»። በየሳምንቱ አንድ ማለዳ በአክስቴ ክፍል ይሰበሰቡ ነበር። ጉባኤውን የሚመሩት ጡረታ የወጡ ካርታ ሠሪ ናቸው፤ ሁላችንም አባባ እንላቸዋለን።

መብራት በጠፋ ቁጥር ጎረቤታችን ዳቦ ጋጋሪው በአጥሩ ላይ አንገቱን ያሰግጋል።

«እህት ዓለም፣ እውነታችሁ ሄደ እኮ! መቼ ይመጣል አሉ?»

«አንተ ዳቦህን አታሳርር፤ እውነትስ የትም አይሄድ» ትለዋለች አክስቴ።

ይህ ሰው ክፉ ሰው አልነበረም። ሴት ልጁ ልታገባ ስለሆነ በቤቱ ላይ አንድ ፎቅ ጨመረላት። ግድግዳው ከመስኮታችን ትይዩ ግራጫ ሆኖ ቆመ። ማለዳ ማለዳ በጠረጴዛው ላይ ይዘረጋ የነበረው ፀሐይ ከዚያ ወዲህ ጣሪያችንን ዳብሶ ማለፍ ጀመረ። አክስቴ ደመቅ ያለ አምፖል ገዛች። ወንበሯን ወደ በሩ አስጠጋች፤ በበሩ ነፋስ ሲገባባት ደግሞ መልሳ ወሰደችው።

«ለምን አትነግሪውም?» አልኳት።

«ምን ብዬ?»

«ጋረድከኝ ብለሽ ነዋ!»

«ልጁን የት ያስቀምጣት ታዲያ? ደግሞስ ሁሉ ነገር ብርሃን ከሆነ፣ አልደረሰኝም የሚል ቃል ከየት አመጣለሁ? እኔ እንዲህ ሲባል ሰምቼም አላውቅ።»

እውነቷን ነበር። የታመመ ሰው እንኳ «እንዴት ነህ?» ሲባል «ደህና ነኝ» እንደሚል፣ እነዚህ ሰዎችም «ይደርሰኛል» ማለት የለመዱት ሳያስቡት ነበር። ለጥያቄያቸው ሌላ መልስ አላበጁለትም።

አንድ ቀን አንዲት ደንበኛ የባሏን ጥቁር ሰማያዊ ኮት ይዛ ተመለሰች። ወደ ደጅ ወጥታ ኮቱን ፀሐይ ላይ ዘረጋችው። ከክርኑ በላይ፣ በሰማያዊው መሐል፣ አንዲት ጥቁር ጠባሳ ጉንዳን መስላ ተኝታለች። አክስቴ ለጥገናው ከሣጥኗ ጨምራ የወሰደችው ክር ጥቁር ኖሯል፤ አምፖሉ ሰማያዊ አስመስሎባት።

«እትዬ፣ በአንቺ እጅ ይህ ሆኖ አያውቅም» አለች ሴትዮዋ፣ ከቁጣ ይልቅ በሐዘን።

«ተይልኝ፤ አስተካክለዋለሁ።»

ሴትዮዋ ስትሄድ አክስቴ መርፌዋን ጨርቅ ላይ ሰካችና «እንግዲህ ልተወው መሰለኝ» አለች። ስለ ኮቱ ብቻ እንዳልተናገረች ገባኝ። ሥራውን ማለቷ ነበር።

በሳምንቱ ጉባኤ ማለዳ ዳቦ ጋጋሪው ለሠርጉ ሊጠራን ትኩስ ዳቦ ታቅፎ መጣ። ደፉ ላይ ቆሞ እንደ ልማዱ ቀለደ።

«አምፖሎቼ! ጋርጃችሁ ይሆን?»

«ይደርሰናል!» አሉ ሁሉም በአንድ አፍ።

አክስቴ ኮቱን ጭኗ ላይ አድርጋ ተቀምጣ ነበር። «እኔ ግን አይደርሰኝም» አለች።

ዳቦ ጋጋሪው ሊስቅ ጀምሮ አቋረጠው፤ ኮቱን አየ፣ መስኮቱን አየ፣ ከመስኮቱ ባሻገርም የራሱን ግድግዳ አየ።

«ፎቁን ላፍርሰው ነው የምትይኝ?»

«አይደለም፣ ወንድም ዓለም። ጠየቅኸኝ፤ መለስኩልህ።» ከዚያም ወደ ሽማግሌው ዞረች። «አባባ፣ ትምህርቱን ካድኩ ይሆን?»

አባባ ኮቱን በጣታቸው ነካ አደረጉ። «ያለውን እንዳለ የሚያሳይ ሁሉ ብርሃን ነው ስንል ኖረናል፣ ልጄ። ዛሬ በዚህ ክፍል ያለውን ያሳየን የአንቺ ቃል ነው። የካድንስ እኛ ነን፤ ግድግዳው ፊታችን ተገትሮ 'ይደርሰናል' ያልን።»

ዳቦ ጋጋሪው ዳቦውን ጠረጴዛው ላይ አስቀምጦ ሳይሰናበት ወጣ። የተቀየመ መስሎን ነበር። ከቀትር በፊት ግን የመሰላል ኮሽታ ሰማን። በገመድ የታሰረ ባልዲ ኖራ ይዞ ግድግዳው ላይ ተንጠልጥሏል፤ ፊቱ ላይ ያለው ዱቄት ይሁን ኖራ አይለይም።

«ምን ሆነሃል አንተ ሰው?» አለች አክስቴ።

«ምድጃ ቤቴ እኮ መስኮት የለውም፤ አንዲት በር ብቻ ናት ያለችው። ግድግዳውን ዱቄት ስላለበሰው ግን ቀን መብራት አብርቼ አላውቅም። አንቺ ስትናገሪ እሱ ትዝ አለኝ።» ከዚያም በክፍሌ አንደኛ በመሆኔ ባወጣልኝ ስም ወደ እኔ ጮኸ፦ «ዶክተሯ! አፍሽን ከፍተሽ ከምታዪኝ መሰላሉን ያዢ!»

ያዝኩለት። ኖራው ቀሚሴ ላይ እየተንጠባጠበ፣ በደስታ ያዝኩለት።

የማለዳው ፀሐይ አልተመለሰም። ከቀትር በኋላ ግን ነጩ ግድግዳ ያገኘውን ሁሉ ወደ እኛ ይመልስ ጀመር። የመጣልን ለስላሳ፣ ዓይን የማይወጋ ብርሃን ነበር፤ ለመርፌ ሥራ ከቀድሞው የሚሻል። አክስቴ ሁለቱን ክሮች ጎን ለጎን ይዛ አየቻቸው። ጥቁሩን ከኮቱ ነቅላ በሰማያዊው ጠቀመችው፤ ሴትዮዋም መጥታ ክርኑን ደጋግማ ካገላበጠች በኋላ የምንወደውን ጥያቄ ጠየቀች። ጉባኤው ከማለዳ ወደ ከሰዓት በኋላ ተዛወረ። ዳቦ ጋጋሪው ይህን ሲሰማ ኩራቱ ልክ አጣ፤ ላገኘው ሁሉ «የእነሱን እውነት ሰዓቱን ያስቀየርኩት እኔ ነኝ» ይላል። ዝናብ ኖራውን ባጠበው ቁጥርም ማንም ሳይነግረው ያድሰዋል።

እኔ ዛሬ ብርሃንን በሌንስና በቀመር አጠናለሁ። ሁሉ ነገር የረጋ ብርሃን ነው የሚለውን እስካሁን አላረጋገጥኩም፤ አልጣልኩትምም። ለዕረፍት ወደ ቤት ስመለስ መጽሐፌን በዚያው ጠረጴዛ፣ በዚያው በለቀቀችልኝ ግማሽ ላይ እዘረጋለሁ። ልጅ ሳለሁ በጠየቅኳት ቁጥር «ይደርሰኛል» ስትለኝ አምኛት ኖሬያለሁ፤ ከጥላው ውስጥ ሆና ዩኒፎርሜን ትሰፋልኝ እንደነበር የገባኝ ዘግይቶ ነው።

«ጋርጄሽ ይሆን፣ አክስቴ?» አልኳት ባለፈው።

መርፌዋን ከፍ አድርጋ በቀዳዳው አየችኝ። «ጋርደሽኛል። ትንሽ ፈቀቅ በይ።»

ወንበሬን ይዤ ተነሣሁ።