ከባዶ በታች የቀረልን ጤፍ

ባለፈው ሳምንት፣ ጎንደር ውስጥ ለማስተምራቸው የሰባተኛ ክፍል ልጆች የክፍልፋይ ድምር ሳሳይ፣ አንዷ «ቲቸር፣ ኔጌቲቭ አንድ አሥራ ሁለተኛ የት ነው የሚገኘው?» አለችኝ። በቁጥር መስመር ላይ አሳየኋት። እኔ ግን ያገኘሁት በተወለድኩበት መንደር በድብ ባሕር፣ አውድማ ላይ ነው።

ልጅ ሳለሁ፣ አንድ ክረምት አባቴ ታሞ ተኝቶ ነበር። ማሳው ጦሙን እንዳያድር ከሦስት ሰዎች ጋር በየተራ ተስማማ፤ ለሚያርስለት ለአያ ካሳ የምርቱን እኩሌታ፣ ዘር ለሰጠን ጎረቤት ሲሶውን፣ በሬ ላዋሰን አጎቴ ሩቡን። ከእያንዳንዳቸው ጋር ተነጋግሮ በጨረሰ ቁጥር «ብዙው ይቀርልናል» ይል ነበር። ለየብቻው ሲታይ እውነቱን ነው። ታህታቸው የተለያየ ክፍልፋዮች ሰውን የሚያታልሉት እንዲህ ነው፤ ወደ አንድ ታህት እስኪመጡ ድረስ ሁሉም ትንሽ ይመስላሉ።

ከሚቀረው ጤፍ ለእህቴ ለይታይሽ ስንቅ ሊቋጠርላት ነበር፤ መስከረም ላይ ጎንደር ወጥታ ዘጠነኛ ክፍል እንድትጀምር።

ጥር ላይ ጤፉ ተወቃ። ገለባው አንገቴን እየበላኝ መሬት ላይ በጭራሮ ጻፍኩ፤ ከአሥራ ሁለት እጅ ላይ ስድስት፣ አራት፣ ሦስት ቀነስኩ።

«ምነው፣ አውድማውን ሰሌዳ አደረግሽው?» አለኝ አያ ካሳ።

«አያ ካሳ፣ ለሦስታችሁ አይበቃም። አንድ አሥራ ሁለተኛ ይጎድላል።»

«ይኸን ሁሉ ክምር እያየሽ?»

አጎቴ ሳቀ። «ሸጋ ትምህርት ነው። የተወቃ እህል ያጎድላል።»

ስፍሩ ተጀመረ። አያ ካሳ እኩሌታውን፣ ጎረቤታችን ሲሶውን ወሰዱ። ለአጎቴ ሩብ የተረፈው አንድ ስድስተኛ ብቻ ነበር። ሳቁን ትቶ አውድማውን አስጠረገና «የጎደለኝን ለከርሞ» አለ።

«አባ፣ ሁሉም ከየድርሻቸው ቢቀንሱልን» ስል፣ አባቴ «ቃሌን ሰጥቻለሁ፤ ዝም በይ» አለኝ። ሒሳቡ ተሳስቷል ያለኝ ግን ማንም አልነበረም።

ሐምሌ ላይ ይታይሽ ሰሊጥ ልታርም ወደ ሳንጃ ወረደች። «እስከ መስከረም ነው፤ ስንቄን ሠርቼ እመጣለሁ» አለችኝ። ያገኘችው ለአጎቴ ቀሪና ለዘር ሄደ። በቀጣዩ ዓመትም እንደዚያው። አሁን እዚያው ትዳር ይዛ የሰው ማሳ ታርማለች።

አባቴ እስከ ዛሬ ያን ዓመት ሲያነሳ «ድሃ ብሆንም ቃሌን አላጠፍኩም» ይላል። እውነት ነው፣ ለሦስቱ አላጠፈም። ጎንደር እንደምትማር ለይታይሽም ቃል ገብቶላት ነበር፤ የእሷን ግን ከቃል የቆጠረው የለም።