ለሳቅ የተተከለው ድንኳን

ባለፈው ሳምንት ካዛንቺስ፣ ከፈረሰው የእድራችን ዕቃ ቤት ደጃፍ ላይ የተጣለ የድንኳን ሸራ ፀሐይ ሲያግለው ሻጋታ፣ ሻማና የሰው ትንፋሽ የተቀላቀለበት ሽታው ከመንገዴ አስቆመኝ። ጋሽ ፈለቀ ትዝ ያሉኝ ያን ጊዜ ነው።

ጋሽ ፈለቀ የአንድ ጀርመናዊ ሹፌር ሆነው የሠሩ ጎረቤታችን ነበሩ። ሰውየው አገሩ ሲገባ አሮጌ የፊልም ማሽንና አንዲት አጭር፣ ድምፅ የሌላት ኮሜዲ ትቶላቸው ሄደ። የጎረቤቱ ጭስ ማውጫ በጨሰ ቁጥር ቤት የተቃጠለ እየመሰለው በባልዲ ውሃ የሚሮጥ፣ ሾርባ የሚሠሩትን ሴትዮ ከነድስታቸው የሚያጠምቅ ወፍራም ሰው ታሪክ ነው። ጋሽ ፈለቀ ሲያወሩልን ቀድመው ስለሚስቁ መጨረሻውን ሰምተነው አናውቅም።

ባለቤታቸው እትዬ የሺ ከአልጋ ከዋሉ ከርሞ ነበር። ሐኪም ተስፋ ባይሰጥም፣ ጋሽ ፈለቀ ግን ሚስታቸው አንዴ ከልባቸው ቢስቁ ይነሳሉ ብለው አመኑ። እትዬ የሺ ሲመሽ ስለሚደክማቸው ለፊልሙ የሚያስፈልገው ጨለማ በቀን መገኘት ነበረበት፤ ስለዚህ የእድሩን የለቅሶ ድንኳን ለምነው ግቢያችን ውስጥ ተከሉ። እናቴ ስታየው ፊቷ ጠቆረ።

"ጋሽ ፈለቀ፣ በሞቴ ይንቀሉት! ይሄ ድንኳን ባዶውን ተመልሶ አያውቅም።"

"አይዞሽ፣ ዛሬ ሳቅ ይዞ ይመለሳል" አሏት፣ ማሽናቸውን እየወለወሉ።

እትዬ የሺን ጎረምሶች ከነፍራሻቸው ተሸክመው አስገቧቸው። ፊልሙ ተጀምሮ ወፍራሙ ሰው ሁለተኛውን ባልዲ ሲያነሳ ከውጭ ለቅሶ ተሰማ። እትዬ የሺን ሊጠይቁ ከቄራ የመጡ ዘመዶች ድንኳኑን ከበር ሲያዩ የፈሩት የደረሰ መስሏቸው፣ "እኔን የሺዬ!" እያሉ ደረታቸውን እየደቁ ገቡ። እትዬ የሺ ከፍራሹ ቀና ብለው "ምነው፣ ትንሽ እንኳ ብትታገሱኝ!" አሉና እንባቸው እስኪወርድ ሳቁ። አልቃሾቹም ሳቁ፣ እናቴም። ጋሽ ፈለቀ ብቻ ሳይስቁ ሚስታቸውን ያዩ ነበር።

እትዬ የሺ ነገም ይደገምልኝ ስላሉ ድንኳኑ አልተነቀለም። በማግስቱ ረፋድ ላይ እነዚያው ዘመዶች በዚያው በር እያለቀሱ ገቡ፤ አሁን ግን ከፍራሹ ቀና የሚል አልነበረም። ጋሽ ፈለቀ ማሽኑን ዳግመኛ አልነኩትም።

ሰፈሩ ሲፈርስ ሁላችንም በየኮንዶሚኒየሙ ተበተንን። ጋሽ ፈለቀ ማረፋቸውን የሰማሁት ከተቀበሩ በኋላ ነው፤ በቁም ላለ ሰው እንኳ እያለቀሰ የሚሮጥ ዘመድና ጎረቤት ለነበራቸው ሰው ድንኳን አልተተከለላቸውም አሉኝ። በጣም አዘንኩ። ባለፈው ሳምንት ያገኘሁትን ሸራ ከፍርስራሹ ልጎትተው ሞከርኩ፤ ለአንድ ሰው አይነሳም።