የተናኘወርቅ በረዶ

አራዳ ላይ በየክረምቱ አንዴ፣ ቢበዛ ሁለቴ፣ ወሬኛው ይወርዳል። ወሬኛው በረዶ ነው። ከምኒልክ አደባባይ እስከ ሃብተ ጊዮርጊስ ድልድይ ብቻ ይጥላል፤ እያንዳንዷ ፍሬ ከሰሞኑ መንገድ የለቀመችውን ድምፅ ይዛ ትወርድና እጅ ላይ ስትቀልጥ አንዴ ለቅቃው ውኃ ሆና ትቀራለች። ለአንዱ የታክሲ ረዳት ጥሪ ይደርሰዋል፣ ለሌላው የማያውቃት ሴት ማስነጠስ። አጥኚዎች መቅረጫ ይዘው መጥተው ነበር፤ የቀዱት የጠብታ ድምፅ ብቻ ሆነባቸውና አንገታቸውን ደፍተው ሄዱ። ሰፈርተኛው እንኳ ጥናት አላስፈለገውም፤ ሰኔ ሲገባ ሐሜቱን ይቀንሳል። ያም ቢሆን ከሳምንት አያልፍም።

ተናኘወርቅ ድልድዩ አጠገብ ጭማቂ ቤት ከከፈተች ሃያ ስድስት ዓመት ሆኗታል። አቮካዶ ስትገዛ አትጫነውም፤ በጥፍሯ እምብርቱን ፈንቅላ ታየዋለች። ማንጎ ላይ ውኃ የሚጨምር ሰው ጠላቷ ነው። ደንበኛ ስኳር ጨምሪልኝ ካላት ትጨምርለታለች፣ ፊቷን ግን ታጠቁርበታለች። አዳዲሶቹ ደንበኞች ዝምተኛ ሴትዮ ናት ይላሉ።

ሰፈሩ ግን ይበልጥ የሚያውቃት ፍሪዘሯ ውስጥ ባስቀመጠቻት አንዲት የበረዶ ፍሬ ነው። ከስምንት ዓመት በፊት ወሬኛው የወረደ ቀን፣ ባሏ ደምመላሽ የቧንቧ መፍቻ ቦርሳውን እንዳንጠለጠለ ሮጦ ገባና ብይ የምታክል በረዶ ባንኮኒው ላይ አስቀመጠ።

"አንቺ፣ ይቺን ቶሎ ፍሪዘር ውስጥ ክተቻት። ቴዎድሮስ አደባባይ ጋ ቧንቧ ፈንድቶባቸው እየጠበቁኝ ነው፤ ስመለስ አብረን እንሰማታለን" አላት።

በሲኒ አድርጋ ከማንጎው በላይ አኖረቻት። ደምመላሽ አልተመለሰም። ቧንቧው የፈነዳበት ፎቅ ደረጃ ላይ ልቡ ቀጥ አለ።

በረዶዋ እንዳለች ቀረች። ተናኘወርቅ በየጠዋቱ ፍሪዘሩን ከፍታ ታያታለች፤ ምን ይዛ ይሆን እያለች ውስጧ ይንገበገባል። የእሱ ድምፅ ቢሆንስ? ታዲያ አንዴ ከተሰማ አለቀ። ደግሞም አብረን ብሎ ነበር። ይህን ሁሉ እያሰበች ክዳኑን መልሳ ትዘጋለች። ጎረቤቷ ካሊድ፣ ፎቶ ኮፒ ቤት ያለው፣ "ጋሽ ደምመላሽ ቧንቧ እየጠገነ ሲያንጎራጉር ነው" ብሎ ይምላል። ፍራፍሬ የምታመጣላት ሀኒፋ ደግሞ "የበግ ድምፅ ነው፣ በዓል ሰሞን የለቀመችው" እያለች ታበሽቀዋለች። ሁለቱም ማወቅ ሞታቸው ነው፤ ስሚያት ብለው ግን ደፍረው አያውቁም።

ባለፈው ነሐሴ፣ ሰኞ የጠፋ መብራት ማክሰኞ እኩለ ቀንም አልመጣም። ማንጎው መላላት ጀመረ። ካሊድ ረጅም የኤሌክትሪክ ገመድ እየጎተተ ከች አለ፤ ሀኒፋም ካርቶኗን በር ላይ ጥላ ተከተለችው።

"እትዬ ተናኘ! ጄኔሬተሩን አስነስቻለሁ። የእኔ ደንበኛ ይጠብቅ፣ ይሰኩት ብቻ!"

ተናኘወርቅ ሶኬቱን ተቀብላ ፍሪዘሩን ከፈተች። በረዶዋ ከባቄላ አንሳለች። ሲኒው ታች አንዲት ጠብታ አለች። እጇ ሶኬቱን እንደያዘ ቀረ። ዛሬ ካሊድ ደረሰላት፤ ሌላ ጊዜስ? አንድ ቀን መብራት ይጠፋል፣ እሷ ቤቷ ትሆናለች፣ በረዶዋም ጨለማ ውስጥ ቀልጣ የስምንት ዓመት ምስጢሯን ለማንጎ ታወራለች።

"ተወው ካሊድ" አለችና ሶኬቱን መለሰችለት።

"እንዴ! እትዬ፣ ትቀልጣለች እኮ!"

"አውቃለሁ።" በረዶዋን መዳፏ ላይ አኖረች። "ይቅር በለኝ ደሜ፣ ብቻዬን ልሰማት ነው።"

ሀኒፋ ጠጋ አለች። ካሊድ ሮጦ ጄኔሬተሩን አጠፋና ተመለሰ። መጀመሪያ የመኪና ጥሩምባ ተሰማ። ቀጥሎ የሴት ሳቅ። ከሆድ የሚወጣ፣ ትንፋሽ አሳጥሮ ያበቃ ሲመስል እንደገና የሚነሳ፣ ለሰው ይሉኝታ የሌለው ሳቅ። ቃል የለውም። ከዚያ ተናኘወርቅ መዳፍ ላይ ውኃ ብቻ ቀረ።

ፊቷ ጠቆረ።

"ይህች ደግሞ ማናት?" አለች። "ስምንት ዓመት ሙሉ የማንን ሴት ሳቅ ነው ያስጠበቀኝ?"

ካሊድና ሀኒፋ ተያዩ። ዓይኗን ስትተክልባቸው ካሊድ ጉሮሮውን ጠረገ።

"እትዬ… እርስዎ ነዎት እኮ።"

"እኔ ምን?"

"አንቺ ነሻ!" አለች ሀኒፋ። "ያኔ ስትስቂ ድልድዩን ሳልሻገር ይሰማኝ ነበር። ዛሬ ሱቋ ናት እያልኩ ነበር የምመጣው።"

ተናኘወርቅ እርጥብ መዳፏን አገላብጣ አየችው። ደምመላሽ ከዚያ ሁሉ በረዶ መካከል ይቺን እንዴት አነሳት? አውቆ ይሆን? በረዶ ሳይቀልጥ አይናገርም፤ ማወቅ አይችልም ነበር። ቢሆንም ስለ ደምመላሽ እርግጠኛ መሆን ይከብዳል።

"እንዲህ ነበር እንዴ የምስቀው? እስቲ ድገሙልኝ" አለች፤ ወሬኛው እንደማይደግም እሷ ራሷ ታውቃለች።

ካሊድ አራዳ ነው፣ የተጠየቀውን እምቢ አይልም። ትንፋሹን ስቦ ጀመረው። አጀማመሩስ ደህና ነበር፤ መሀል ላይ ሲደርስ ግን ድምፁ ሰለለና አልነሳም እንዳለ ሚኒባስ ይንተፋተፍ ጀመር። ፊቱ ቀላ፣ እሱ ግን አልተወም። ተናኘወርቅ ከንፈሯን ነክሳ ቻለች፣ ቻለች፣ ከዚያ ባንኮኒውን ተደግፋ ለቀቀችው። ትንፋሿ እያጠረ፣ ያበቃ ሲመስል እንደገና እየተነሳባት፣ እንባዋን በሽርጧ እየጠረገች ሳቀች።

ካሊድ "ይኸው!" ሊል አፉን ሲከፍት ሀኒፋ ክንዱን ጨብጣ ያዘችው፣ እንዳያቋርጣት።