ባዮስ ሲጻፍ መብራት አይጠፋም

ስምረት ድሬ፣ መጋላ ሰፈር ውስጥ፣ ከጨርቅ ሱቆች ጀርባ ባለች ጠባብ ክፍል ላፕቶፕ ትጠግናለች። ሙያውን ያስተማራት ታላቅ ወንድሟ ዓለምሰገድ ነው። እሱ የሞተ ጊዜ ሰው ሲያለቅስ እሷ ወንበር ስትደረድር ነበር። ከዚያ ወዲህም ሱቁን በሰዓቱ ትከፍታለች፣ በሰዓቱ ትዘጋለች።

ያን ቀን የያዘችው የፋርሂያን ላፕቶፕ ነበር። ፋርሂያ የምትኖረው ከሶማሊኛ ወደ አማርኛ እየተረጎመች በኢንተርኔት በመላክ ነው። ዋይፋዩ ተበላሽቶባታል፤ ሥራውን እስከ ማታ ካላስረከበች ለሌላ ሰው ይሰጣል። ስምረት አዲስ የዋይፋይ ካርድ ገጠመች፤ ላፕቶፑ ግን ካርዱን አልቀበልም ብሎ ቆመ።

ምክንያቱ ሲያውቁት ደስ ይላል። ላፕቶፕ ሲበራ ከሁሉ ቀድሞ የሚነቃው ባዮስ የሚባል ፕሮግራም ነው፤ ማዘርቦርዱ ላይ፣ ከጥፍር በሚያንስ ቺፕ ውስጥ ይኖራል። አንዳንድ አምራቾች የሚፈቅዷቸውን ካርዶች እዚያው ይጽፋሉ፤ ሌላው ካርድ ከበር ይመለሳል። ታዲያ ጠጋኞች ባዮሱን በፕሮግራም ይገለብጡታል፣ ቅጂው ላይ ክልከላውን ያነሣሉ፣ ከዚያ ቺፑ ላይ መልሰው ይጽፉታል። ጽሕፈቱ ጥቂት ደቂቃ ነው። መሀል ላይ መብራት ከጠፋ ግን ቺፑ ግማሽ ተጽፎ ይቀራል፤ ላፕቶፑም አይነሣም። የፋርሂያ ባትሪ ደግሞ በድሬ ሙቀት አብጦ ወጥቷል፤ ላፕቶፑ የሚሠራው በሶኬት ብቻ ነው።

ሕንፃው ያለው አንድ ቆጣሪ ነው። ቀትር ላይ ሱቅ ሁሉ ለዕረፍት ሲዘጋ፣ መጨረሻ የሚወጣው ሰው ኮሪደሩ ላይ ቆሞ ይጣራል፤ መልስ ካጣ መብራቱን ከዋናው አጥፍቶ የቆጣሪውን ሳጥን ይቆልፋል። ከነስምረት ክፍል ሁልጊዜ የሚመልሰው ዓለምሰገድ ነበር።

ስምረት ጽሕፈቱን እንደጀመረች፣ ቀትር ላይ ጨርቅ ሻጩ ቡራሌ ከኮሪደሩ ተጣራ።

«ወሪያ! ሰው አለ?»

ስምረት ሰማችው። የሚመልሰው ሰው እስኪመልስ ጠበቀች።

ማራገቢያው ቆመ። የፋርሂያ ላፕቶፕ ጠፋ።

አልደነገጠችም። የራሷ ላፕቶፕ ባትሪ አለው፤ የተስተካከለው ባዮስም እዚያ ተቀምጧል። ማዘርቦርዱን አወጣችና የቺፑን እግሮች በትንሽ መቆንጠጫ ያዘች፤ መቆንጠጫውን በትንሽ የቺፕ መጻፊያ መሣሪያ በኩል ከራሷ ላፕቶፕ ጋር አገናኘች። የዚህ ዘዴ ግሩምነቱ፣ ቺፑ የሚፈልገውን ጥቂት ኃይል ከዚያው ማግኘቱ ነው፤ የሞተውን ላፕቶፕ ማብራት አያስፈልግም። ላቧ እየተንጠባጠበ እንደገና ጻፈችው፤ ትክክል መጻፉን አረጋገጠች፤ ገጣጥማም መብራቱን ጠበቀች።

ቡራሌ ከዕረፍት ተመልሶ ሳጥኑን ከከፈተ በኋላ በሯ ላይ ቆመ።

«አንቺ፣ እዚህ ነበርሽ እንዴ? ተጣርቼ ነበር እኮ።»

«ሰምቼሃለሁ።»

«ታዲያ አፍሽን ምን ያዘው?»

«ዓለምሰገድ ይመልስልሃል ብዬ» አለችው፤ ሶኬቱን ሰካች።



ላፕቶፑ ተነሣ፤ ካርዱንም ተቀበለ። ፋርሂያ መጥታ ትርጉሙን እዚያው በርጩማ ላይ ተቀምጣ ላከች፤ ስምረትን አቅፋ መረቀቻት። ስምረት አሁን ፈገግ ማለት እንዳለባት አወቀች፤ ፈገግ አለች። ቡራሌ የራሱን ሱቅ ሳይከፍት የስምረት በር ላይ ቆሞ ቀረ።