በሻሽ የተጠለለ ናፍጣ

እዚህ ሐይቅ ከተማ፣ ከጎረቤቴ ግቢ የተከራየው ሰው ከጧት ጀምሮ አሮጌ ፒክአፑን ይፈታታል። ዳገት ሲጀምር ሞተሩ ይጠፋበታል። የተደፈነውን የናፍጣ ፊልትሮ አውጥቶ በአፉ ሲነፋ ከንፈሩ ጠቁሯል። ከብዙ ዓመት በኋላ ከጅዳ የተመለሰች ሚስቱ ደግሞ ኮምቦልቻ ኤርፖርት ቆማ ትጠብቀዋለች።

ፊልትሮውን የደፈነው ቀይ የጨርቅ ብናኝ ነው፤ በጀሪካን የሚገዛውን ናፍጣ የሚያጠልለው በእሷ አሮጌ ሻሽ ነው።

«ይህን ቡትቶ ጣለው ስንቴ ልበልህ?» አልኩት ተማርሬ።

«ወላሂ ጋሼ፣ ትታልኝ የሄደችው እሱን ብቻ ነው» አለና አልጠራ ያለውን ፊልትሮ ጥሎ አዲስ ገጥሞ አጠበቀ።

ሰው መንገዱን ለሚዘጋበት ነገር ለምን እንደሚሳሳ በዚህ ዕድሜዬም አልገባኝም።

ሞተሩ ተነሳ። እሱ ግን በመስታወቱ ፊቱን እያየ ተቀመጠ።

«ጋሼ፣ ትለየኝ ይሆን?»

«መጀመሪያ ድረስላት እንጂ» አልኩት።