የጉድላውግ ቋጠሮ

በዚያ ወደብ አንድ ጀልባ ገመዱ ላልቶ ከድንጋዩ ጋር ሲላተም ካደረ ሰዎቹ «የጉድላውግ ቋጠሮ ነው» ይላሉ። የጫማው ክር ለተፈታበት ልጅ ይኸው ይባላል። ሱሪው ለሚወርድበት ሰካራምም እንዲሁ። ጉድላውግ ማን እንደሆነች የሚጠይቅ የለም። ወጣቶቹ ሴትዮዋ ከሞተች መቶ ዓመት ያለፋት ይመስላቸዋል። ጉድላውግ ግን በሕይወት አለች። ሰማንያ ሰባት ዓመቷ ነው፤ ከቤተ ክርስቲያኑ ጀርባ ባለው የአረጋውያን ቤት፣ መስኮቱ ወደ መኪና ማቆሚያው በሚያይ ክፍል ትኖራለች። ልጇ ሃልቫር ደግሞ እዚያው ወደብ ላይ ካያክ የሚባሉት ጠባብ የመቅዘፊያ ጀልባዎች መሪ ነው።

ሃልቫር ስልሳ ሦስት ዓመት ሆኖታል። ሠላሳ ዓመት ሙሉ ሰውና መኪና በሚያሻግረው መርከብ ላይ ገመድ ወርዋሪ ነበር። ዋሻው ተቆፍሮ መኪናው ሁሉ በተራራው ሆድ ውስጥ ማለፍ ሲጀምር መርከቡ ተሸጠ፤ እሱም ጎብኚዎችን በካያክ ፊዮርዱን፣ በገደሎች መሃል የገባውን ባሕር፣ የሚያሳይ ድርጅት ውስጥ ገባ። ይህ አሥራ አንደኛው በጋው ነው። ያሰረውን ሁሉ ሁለቴ ያስራል፤ ካሰረ በኋላ ተመልሶ ያያል፤ ቤቱ ገብቶ እራቱን ከጀመረ በኋላ እንኳ ኮቱን ደርቦ ወደብ የሚወርድበት ቀን አለ። የመርከቡ ባልደረቦቹ በዚህ ይስቁበት ነበር። ሚስት የለውም። በወጣትነቱ ከወደዳት አንዲት ሴት ጋር ስለ መውለድ ሲያወሩ አንድ ቀን «እኔ ልጅ አላሳድግም» አላት። ለምን እንደሆነ አልነገራትም፤ እሷም እስከ መኸር ጠብቃ ሄደች።

በዚያ ዓመት ጸደይ ድርጅቱን ልትመራ ከከተማ የመጣችው ቪልዴ ሠላሳ ዓመት ያልሞላት፣ ፈጣንና ሳቂታ ሴት ናት። አንድ ረቡዕ ሃልቫር መቅዘፊያዎቹን ሲያጥብ ስልኳን ይዛ መጣች።

«ሰው ስላንተ የጻፈውን ላንብብልህ?»

«አታንብቢልኝ።»

«‹መሪያችን ደግ ሰው ነው፤ ግን ከሱ ይልቅ ድንጋዩ ያወራል።› ይሄ ከስዊዘርላንድ ነው።»

«ድንጋዩ ምን አላቸው?»

ቪልዴ ሳቀች፤ ግን አልሄደችም። «ብራትሊ ሥር ስትደርሱ ምንድን ነው የምትነግራቸው?»

«ውሃ ጠጡ እላቸዋለሁ።»

«ሰው የኖረበት እርሻ ከራሳቸው በላይ ገደል ላይ ተንጠልጥሎ፣ አንተ ውሃ ጠጡ ትላለህ።» ከቦርሳዋ በላስቲክ የተለበጠ ወረቀት አወጣች። «ይኸው ታሪኩ። ነገ አብሬ እመጣለሁ፤ ስትናገር ልሰማህ እፈልጋለሁ። ሃልቫር፣ የምሬን ነው። ዝም ብሎ የሚቀዝፍ መሪ ይዤ የሚቀጥለውን በጋ አልጀምርም።»

ሃልቫር እጁን በሱሪው አድርቆ ወረቀቱን ተቀበለ። አጭር ነበር። እናቶች ልጆቻቸው ከገደሉ እንዳይወድቁ በገመድ ያስሩ እንደነበር ይላል፤ ጉድላውግ የምትባል እናት አንድ ቀን ሳታስር እንደረሳች፣ የሦስት ዓመት ልጇ እንደወደቀች ይላል። ወደቡ ላይ እስከ ዛሬ የሚባለው አባባልም የመጣው ከዚህ ነው ይላል።

«ከየት አመጣሽው?»

«ሱቅ ያሉት ሴቶች ናቸው የነገሩኝ። አታውቀውም ነበር እንዴ?»

«የማን እናት እንደሆነች አልነገሩሽም?»

«አልነገሩኝም። ሞታለች መሰለኝ።»

ሃልቫር ወረቀቱን ኪሱ ከተተ። ከዚያ ወደ መቅዘፊያዎቹ ተመለሰ።

ሐሙስ ጠዋት ውሃው ረግቶ ነበር። ሌሊቱን ስለዘነበ ፏፏቴዎቹ ሁሉ ወፍረዋል፤ ከገደሉ አጋማሽ በላይ ጉም ተኝቷል። ስምንት እንግዶች ነበሩ፤ ቪልዴ ከኋላ ትከተላቸዋለች። ሃልቫር ወረቀቱን ካያኩ አናት ላይ ካለው ላስቲክ ሥር ሸጉጦታል፤ በቀዘፈ ቁጥር ውሃ ይንጠባጠብበታል። ከአንድ ሰዓት በኋላ ብራትሊ ሥር ደረሱ። እጁን አነሳ፤ ካያኮቹ እየተንሳፈፉ ዙሪያውን ተሰበሰቡ። ሦስት መቶ ሜትር ወደ ላይ፣ ጉሙ በተገለጠበት፣ ግራጫው የቤቱ ግድግዳና እንደ ምላስ ወደ ገደሉ የወጣው አረንጓዴ ሣር ይታያል።

በመርከቡ ዘመን በለመደው እንግሊዝኛ ማንበብ ጀመረ። ስለ እርሻው አነበበ፣ ስለ ገመዱ አነበበ። «አንድ ቀን ጉድላውግ…» ሲል ድምፁ ቆመ። ጉሮሮውን ጠርጎ «ማሰር ረሳች» አለ።

ከፊቱ ያለች የሆላንድ ሴት አንገቷን ነቀነቀች። «ምን ዓይነት እናት ናት ይህን የምትረሳ?» አለች። ክፋት አልነበረባትም፤ ሰው ሲተርክ ዝም ማለት ነውር መስሏት ያለችው ነው።

«አልረሳችም» አለ ሃልቫር።

መቅዘፊያው ጭኑ ላይ ጋደም ብሎ ጫፉ ይንጠባጠባል።

«አስራት ነበር። ግድግዳው ላይ የብረት ቀለበት አለ፤ ሁለት ዙር ጠምጥማ ጫፉን ከልጅቷ ጀርባ ትሸጉጠው ነበር፤ ልጅ በራሷ ልትፈታው አትችልም። የፈታሁት እኔ ነኝ። እህቴ ናት፤ ኦስኒ ነው ስሟ። ሰባት ዓመቴ ነበር። ከዛፍ ልጣጭ ጀልባ ሠርቼ ፍየሎቹ የሚጠጡበት ገንዳ ላይ አንሳፍፌ ነበር። ልያት ልያት ብላ አለቀሰች፤ ገመዷ ገንዳው ድረስ አይደርስም። ፈታኋት። ጀልባዋን አየች፣ ሳቀች። ከዚያ አንድ ግልገል በአጠገቧ ሲያልፍ ተከተለችው።»

ቀና ብሎ አላየም። «እናቴ ከጋጣው ወጥታ ገመዱን አየችው፤ አልተበጠሰም፣ ተፈቷል። እኔን አየችኝ። ከዚያ ‹አንተ ሣር ማከማቻው ውስጥ ነበርክ፤ ምንም አላየህም› አለችኝ። የአካባቢው ሹም በጀልባ መጥቶ ሲጠይቃት ማሰር ረሳሁ አለችው። እኔ ሣር ማከማቻው ውስጥ ነበርኩ አልኩ።»

አንድ ሰው ቀለበቱ አሁንም እዚያ ይኖር እንደሆነ ጠየቀና ካሜራውን ወደ ላይ አነሳ። የሆላንዷ ሴት ዓይኗ እንባ ሞልቶ ካያኳን አስጠጋችና «ልጅ ነበርክ እኮ፤ ምን ታውቃለህ?» አለችው። ሃልቫር ይህን ቃል ሰው እንዲለው ሃምሳ ስድስት ዓመት ጠብቋል። አሁን ከማያውቃት ሴት አፍ፣ በሰው አገር ቋንቋ ሲመጣለት ግን የሌላ ሰው ኮት የለበሰ ያህል ጠበበው። «አመሰግናለሁ» አለና ቀዘፈ።

ወደብ ላይ እንግዶቹ ከሄዱ በኋላ ቪልዴ አጠገቡ ቆመች። ዓይኗ ቀልቷል።

«ለምን አልነገርከኝም? ያን ወረቀት እጅህ ላይ አልሰጥህም ነበር።»

«አሁን አውቀሻል።»

«አዎ። ሃልቫር፣ ይህን ስል እንዳትቀየመኝ። እንደዚያ ዝም ብለው ሰውን ሲሰሙ አይቼ አላውቅም። ልክ ዛሬ እንዳልከው… በየቀኑ ብትነግራቸው? እናትህም ስሟ ይጸዳል።»

የመጨረሻዋ ቃል ያዘችው። አሁን ካልተባለ መቼ ይባላል? በየቀኑ ስምንት ሰው፣ በጋው እስኪያልቅ ስንት ሰው። እነሱ ለሌላ ይነግራሉ፣ ሱቅ ድረስም ይደርሳል። በዚያ ቀን ካያኮቹን አንዴ ብቻ አስሮ ወደ ቤቱ ሄደ።

ቅዳሜ በአረጋውያኑ ቤት የሩዝ ገንፎ ቀን ነው፤ ቅቤው መሃሉ ላይ ይቀልጣል፣ ቀረፋና ስኳር ይነሰነስበታል። ሃልቫር በየሳምንቱ በዚያ ሰዓት ይመጣል። እናቱ መስኮቱ ሥር ተቀምጣ ትበላ ነበር።

«ቀጥኗል» አለችው ሰላምታዋን በዚያው አድርጋ። «ሩዙን በፍሬ ቆጥረው ነው የሚጨምሩት።»

«እማ፣ ሐሙስ ለት ተናገርኩ።»

«ምኑን?»

«የብራትሊውን። ገመዱን የፈታሁት እኔ መሆኔን።»

ማንኪያዋን አላስቀመጠችም፤ አየር ላይ እንደያዘችው ቀረች። «ለማን?»

«ለጎብኚዎቹ። አለቃዬ አንብብላቸው ብላ ወረቀት ሰጥታኝ ነበር።»

«ለነዚያ በላስቲክ ጀልባ ለሚመጡት?»

«አዎ።»

«ቄሱ ሲጠይቅህ አልተናገርክም። አባትህ ሊሞት ሲል አልጋው አጠገብ ተቀምጠህ አልተናገርክም፤ እኔም በሩ ጋ ቆሜ ጠብቄህ ነበር። ለነሱ ተናገርክ።»

«ስምሽ እንዲጸዳ ብዬ ነው።»

«ስሜን ማን አቆሸሸውና?» ድምፅዋ ከፍ አላለም። «እኔው ነኝ፤ ወድጄ። ሁለት ልጅ ነበረኝ። አንዷ ሄደች። ወንድሟ ነው ብል ሁለተኛውም አብሮ መሄዱ ነው፤ እዚህ ሰፈር እህቱን የገደለ እየተባለ ማን ያድጋል? ስለዚህ ተሸከምኩት። ሱቅ ስገባ ሴቶቹ ጸጥ ሲሉ ተሸከምኩት። አባትህ ሁለት ዓመት ጀርባውን ሰጥቶኝ ሲተኛ ተሸከምኩት። ልጆቹ መንገድ ላይ ጫማቸው ሲፈታ ስሜን ሲጠሩ እየሰማሁ አልፌያለሁ። ይህቺ ክፍል የማዘጋጃ ቤቱ ናት፣ ወንበሩም የነሱ ነው። ላንተ ያደረግሁልህ ያ ብቻ ነው የኔ። እሱን ነው አውጥተህ ለመንገደኛ የሰጠኸው።»

ሃልቫር አንገቱን ደፍቶ ተቀመጠ። የገንፎው ቅቤ ረግቶ ነጭ ሆኗል።

«እንደሱ አላሰብኩትም» አለ።

«አላሰብክም። ያኔም አላሰብክም።» ይህን ተናግራው አታውቅም፤ በሃምሳ ስድስት ዓመት አንዴም። እሷም ራሷ የሰማችው አሁን ይመስል ገንፎዋን በማንኪያ አማሰለች። ከዚያ ጠየቀችው። «ወረቀት ሰጥታኛለች ብለህ የለ? ምን ይላል?»

«ማሰር ረሳች ይላል።»

«እንግዲያው እንደ ወረቀቱ ተናገር። ካሁን በኋላ አንድ ሰው ሌላ ታሪክ ይዞ ሱቅ ቢመጣ አላውቅህም።» ሳህኑን ወደ እሱ ገፋ አደረገችው። «ቀረፋውን አቀብለኝ።»

ሰኞ ቪልዴ ልትሰማው እንደገና መጣች፤ ሁለት እንግዶች ጨምራ ነበር፣ ወሬው መሰማት ጀምሯል። ብራትሊ ሥር ሲደርሱ ሃልቫር እጁን አነሳ። ወረቀቱን ከላስቲኩ ሥር መዘዘው። ጉም የለም፤ ግድግዳው ቁልጭ ብሎ ይታያል፤ ለሚያውቅ ሰው ቀለበቱ ያለበት የዛገ ነጠብጣብም ይታያል። ከላይ እስከ ታች ድምፁ ሳይሰበር አነበበው። «አንድ ቀን ጉድላውግ ማሰር ረሳች።» እዚያ ላይ አልቆመም። አባባሉንም ነገራቸው፤ አንድ ሁለት ሰው ሳቀ።

ቪልዴ ካያኳን አስጠጋች። «ሃልቫር፣ ሌላውስ?» አለችው ቀስ ብላ።

«የትኛው ሌላ?»

«የሐሙሱ።»

«እሱ ፈጠራ ነው» አለ። «ጎብኚ ደስ እንዲለው ብዬ ነው። አውራ ብለሽኝ አልነበር?»

ቪልዴ ፊቱን አየችው፤ የሚቀልድ መስሏት ፈገግ ልትል ነበር፣ ከዚያ ተወችው። ፊቷ ላይ የመጣው ነገር ሃልቫር እናቱ ሱቅ ስትገባ በሴቶቹ ፊት ላይ ሲያየው የኖረው ነበር። ምንም ሳትናገር መቅዘፊያዋን አዙራ ወደ ኋላ ቀረች።

ከእንግዶቹ አንዱ፣ ወፍራም የጀርመን ሰው፣ ወደ ላይ እያየ «ይገርማል» አለ። «እናት ሆና እንዴት ይህ ይረሳል?»

«እኔም አላውቅም» አለ ሃልቫር። ወረቀቱን አጥፎ ደረት ኪሱ ውስጥ ከተተ፤ ቀጥሎ «ውሃ ጠጡ» አላቸው።